ቁርበት የተነጠፈለት ጅብ

«ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ» የሚለው ተረት የሚያስቀን አንድ ነገር አስቀድመን ስለምናውቅ ነው፦ ጅብ ቁርበት የሚፈልገው ሊቀመጥበት ሳይሆን ሊበላው ነው። ስለዚህ ለጅብ ቁርበት የሚያነጥፍ ጅብን የማያውቅ ብቻ ነው። ሐረር ይህን ተረት የምታፈርስ ከተማ ናት። ጅብን እንደ ሐረር ሰው የሚያውቅ ብዙ የለም፤ የጥርሱን ጉልበት፣ የሌሊት መንገዱን፣ ሳቁንና ጩኸቱን ለይቶ ያውቃል፤ አውቆም ቁርበቱን ያነጥፍለታል። ይህ ነገር ሐረርን በዓለም ዘንድ ስመ ጥር አድርጓታል። ስለ ከተማዋ በሚሠራ ፊልም ከቡናው፣ ከገጣሚው ራምቦና ከግንቡ ቀጥሎ፣ አንዳንዴም ቀድሞ፣ በመኪና መብራት ፊት ተንበርክኮ ለጅብ ሥጋ የሚያጎርስ ሰው ይታያል። ስለዚያ ሰው የሚነገረው ግን ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ነው፤ «የመቶዎች ዓመታት ጥንታዊ ባህል» ይባልና ይታለፋል። እኔ ይህን አባባል አልቀበለውም፤ የማልቀበለውም ስለ ዘመን ስሌት ብቻ ብዬ አይደለም። ጥንታዊው ከተማዋ ከጅቡ ጋር ያላት ውል ነው። በመብራት ፊት የሚደረገው ግን ከአንድ ሰው ዕድሜ ብዙም ያላለፈ ሙያ ነው፤ ሌላው ዓለም «የዱር እንስሳት ፕሮግራም አቅራቢ» ከሚለው ሙያ ጋርም ሥጋና ደም ነው። ሁለቱን ስናደባልቅ ውሉም በቅጡ አይገባንም፣ ባለሙያውም ከዓይናችን ይጠፋል።

እ.ኤ.አ. በ2016 መጨረሻ (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) የእንግሊዙ ቢቢሲ «ፕላኔት ኧርዝ 2» የተባለውን ተከታታይ ፊልሙን ሲያሳይ፣ ስድስተኛውን ክፍል ለከተሞች ሰጥቶት ነበር። በዚያ ክፍል የኒውዮርክ ጭልፊት፣ የሙምባይ ነብርና የጆድፑር ዝንጀሮ ይታያሉ፤ ሐረርም ከጅቦቿ ጋር አለች። ጅቦቹ በጀጎል፣ በግንብ በታጠረው የከተማዋ ክፍል፣ ጠባብ መንገድ ላይ፣ በኖራ በተቀባ ግንብ ሥር፣ ሰው በጎናቸው እያለፈ የባለ ሥጋ ቤቱን አጥንት ሲለቅሙ፣ መጋቢውም በእጁ ሲያጎርሳቸው የዓለም ሕዝብ በየሳሎኑ ሆኖ አየ። የሚሰማው ድምፅ የሰር ዴቪድ አተንቦሮ ነው። አተንቦሮ ትረካውን የሰጠው ለተዘጋጀው ፊልም ነው፤ እጁን ወደ ጅቡ አፍ የዘረጋው የሐረሩ ሰው ነው። በዚያ ትዕይንት ውስጥ እንግዲህ ሁለት አቅራቢዎች አሉ፤ አንዱ በቃል፣ አንዱ በአካል። ተመልካቹ የቆጠረው ግን አንዱን ብቻ ነው፤ ሌላው የትዕይንቱ ክፍል፣ እንደ ግንቡና እንደ መንገዱ ያለ ነገር ሆኖ አለፈ።

ፍርዱ ሚዛን እንዲይዝ ሙያውን ራሱን ማየት ያስፈልጋል። የዱር እንስሳትን በቴሌቪዥን ማቅረብ ብዙዎች እንደሚገምቱት የቆየ ጥበብ አይደለም። አተንቦሮ ራሱ በ1954 «ዙ ኩዌስት» በተባለው ፕሮግራም ብቅ ያለው በአጋጣሚ ነው፤ ዝግጅቱን እንዲያቀርብ የታሰበው የለንደን እንስሳት ማቆያ ባልደረባ ጃክ ሌስተር ሲታመም፣ አዘጋጁ አተንቦሮ ተተክቶ ካሜራው ፊት ቆመ። አውስትራሊያዊው ስቲቭ ኧርዊን ደግሞ ከቤቱ የወረሰው ነው። ወላጆቹ ቦብና ሊን ኧርዊን በ1970 በኩዊንስላንድ አንዲት ትንሽ የገበሎ አስተኔ መናፈሻ ሲከፍቱ እሱ የስምንት ዓመት ልጅ ነበር፤ ከአዞ ጋር መታገልን ከአባቱ ተማረ፤ በ1996 «ክሮኮዳይል ሃንተር» በሚል ፕሮግራም ለዓለም ታየ፤ መስከረም 4 ቀን 2006 በባሕር ውስጥ ፊልም ሲቀርጽ አንድ ባለ መርዝ እሾህ ዓሣ ደረቱን ወግቶት ሞተ። ዛሬ ቢንዲና ሮበርት የተባሉት ልጆቹ ሥራውን ይዘውታል። አንዱ በአጋጣሚ ሌላው በውርስ ቢመጡም፣ የሥራው ፍሬ ነገር አንድ ነው፦ ተመልካቹ የሚፈራውን እንስሳ ከተመልካቹ አጠገብ ማድረስ፣ የዚያም ዋስትና የራስን አካል ማድረግ። አቅራቢው «አትፍሩ» የሚለው በአፉ አይደለም፤ እጁ ሳይቆረጥ ሲመለስ ነው። በዚህ ሚዛን ከለካን፣ የሐረሩ ጅብ መጋቢ ከማንም አያንስም። እንዲያውም በአንድ ነገር ይበልጣል፤ እንስሳው በአጥር ውስጥ አይደለም፣ ካሜራም ቢኖር ባይኖር በየምሽቱ ይመጣል።

ወደ ጥንታዊው ልመለስ። ጀጎል የሚባለውን ግንብ በዐሥራ ስድስተኛው መቶ ዘመን አሚር ኑር ኢብን ሙጃሂድ እንዳስገነባው የከተማዋ ሰዎች ይናገራሉ፤ ግንቡ አራት ሜትር ያህል ከፍታ ያለው፣ አምስት የቀድሞ በሮች ያሉት፣ ዙሪያው በእግር አንድ ሰዓት ያህል የሚፈጅ ነው። ከበሮቹ ሌላ ግንቡ ዝቅ ብለው የተሠሩ ትንንሽ ቀዳዳዎች አሉት፤ በሐረሪ ቋንቋ «ወራባ ኑዱል» ይሏቸዋል፣ የጅብ ቀዳዳ ማለት ነው። ይህ ነገር ቆም ተብሎ ሊታሰብበት ይገባል። ግንብ የሚሠራው የማይፈለግን ለማስቀረት ነው፤ የሐረር ግንብ ደግሞ በጦርነት ዘመን ሰው እንዳይገባ የተሠራ ነው። የሰው በር ፀሐይ ስትጠልቅ ይዘጋ ነበር፤ የጅቡ ግን አይዘጋም። ምክንያቱ ቢጠየቅ ሁለት መልስ ይገኛል፤ ሁለቱም የከተማዋ ሰው ምላሽ ናቸው። አንደኛው፣ ጅብ የከተማውን ቆሻሻ፣ ከእርድ የተረፈውን አጥንትና ሆድ ዕቃ ይጠርጋል። ሁለተኛው፣ ጅብ በሌሊት በየመንገዱ የሚያደባውን ጅን እየዋጠ ከተማዋን ያጸዳል። የመጀመሪያውን ምክንያት «ተግባራዊ»፣ ሁለተኛውን «እምነት» እያልን መለየት የኛ የዛሬዎቹ ልማድ ነው። ጅቡን ለምን እንደምታስገባ ለምትጠየቅ ከተማ ግን ሁለቱም አንድ ሥራ ናቸው፤ ከሌሊቱ መንገድ ላይ የሚያውክ ነገር ይወገድላታል።

የዚህ ውል ዋነኛው ምስክር የዓሹራ ገንፎ ነው። በሙሐረም ዐሥረኛው ቀን፣ ከከተማዋ ዳር ባሉ አዋች በሚባሉ የቅዱሳን ሥፍራዎች፣ በቅቤ የራሰ ገንፎ ይቀርብና ጅቦቹ እስኪመጡ ይጠበቃል። አፈ ታሪኩ በልዩ ልዩ መልክ ይነገራል፤ ፍሬው ግን አንድ ነው፦ በአንድ የረሃብ ዘመን ጅቦች ሰው መብላት ጀመሩ፣ የከተማዋ ቅዱሳን በሐኪም ተራራ ላይ ተመካከሩ፣ ከጅቦቹም ጋር ስምምነት አደረጉ፤ እኛ ገንፎ እናበላችኋለን፣ እናንተ ሰው አትንኩ። ገንፎው ትንቢትም አለው። ጅቦቹ ጥቂት አስቀርተው ደህና አድርገው ከበሉ መጪው ዓመት ደግ ነው፤ ጭራሹን እንቢ ካሉ ወይም እንጥፍጣፊ ሳያስቀሩ ከጨረሱ የክፉ ዘመን ምልክት ነው ይባላል። ይህኛው ደንብ ከሁሉ የሚደንቀኝ ነው፤ ምክንያቱም የጅብን ጠባይ የሚያውቅ ሕዝብ ያወጣው ነው። ጅብ ሁሉን ጠራርጎ ከበላ ተርቧል ማለት ነው፤ ጅብ ከተራበ ደግሞ አገሩ ተርቧል ማለት ነው፤ ከብት ሞቶ አልቋል፣ ወይም የሚታረድ የለም። ገንፎው እንግዲህ ስለ መጪው ዓመት ብቻ ሳይሆን ስላለፈው ወራትም የሚናገር መለኪያ ነው።

የዓሹራው ገንፎ ግን በአንድ ሰው እጅ አይጎረስም፤ ተመልካች አይከፍልበትም፤ በየምሽቱ አይደረግም። በዛሬው የጅብ ትርኢት ግን ሦስቱም አሉ። ከግንቡ ውጭ፣ ከመሸ በኋላ፣ ባጃጅ ወይም የድሮ ፔጆ ታክሲ ግንባሩን ወደ ሜዳው አዙሮ ይቆማል። መብራቱ አንድ ክብ ሜዳ ያበራል፤ ከክቡ ውጭ ያለው ሁሉ ጨለማ ነው፤ በጨለማው ውስጥ ጥንድ ጥንድ ዓይን ይታያል። መጋቢው ቁራጭ ሥጋ፣ ጅማትና ስብ የሞላ ዘንቢል ይዞ መሬት ላይ ይቀመጣል። ከክንድ ባጠረች እንጨት ጫፍ ላይ ሥጋ ይጠቀልላል፤ እንጨቷን በእጁ፣ ቀጥሎ በጥርሱ ይይዛታል። ጅቡ ከጎኑ ይመጣና አንገቱን አጣሞ ሥጋውን ይነጥቃል፤ እንጨቷን አይነካም፣ የመጋቢውንም ፊት አይነካም። ከዚያ መጋቢው ወደ እንግዶቹ ይዞርና አንዱን በእጁ ይጠራዋል፤ እንጨቷን ያስይዘዋል፤ ደፋር ከሆነም በጥርሱ እንዲይዛት ያደርገዋል። ጅቡ በእንግዳው ጀርባ ላይ ሁለት እግሩን ጭኖ ከላይ እንዲበላ ሥጋውን ከፍ ያደርጋል። የእንግዳው ወዳጅ ፎቶ ያነሣል። ይህ ሁሉ መድረክ፣ መብራት፣ ተዋናይ፣ ተመልካችና የመጨረሻ ፎቶ ያለው ዝግጅት ነው፤ ከባዶ ሜዳ ላይ የተፈጠረ ስቱዲዮ ማለት ነው።

መቼ ተጀመረ? የሌሊት ትርኢቱ በመደበኛነት ሲደረግ የሚታወቀው ከ1960ዎቹ ወዲህ ነው። ዘመኑም የሚገጥም ነው። በዚያ ዘመን ሀብተሥላሴ ታፈሰ የመሩት የቱሪስት ድርጅት ኢትዮጵያን «የ13 ወር ፀጋ» እያለ ለዓለም ያስተዋውቅ ነበር፤ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥንም በ1964 ሥራውን ጀመረ። ከዚህ በፊት ያለው ዝምታ ደግሞ ይናገራል። እንግሊዛዊው ሪቻርድ በርተን በ1855 ለዐሥር ቀን ሐረር ገብቶ በኋላ በጻፈው መጽሐፍ ገበያውን፣ ቤቶቹን፣ ቋንቋውን፣ ቡናውንና ጫቱን ሳይቀር ዘርዝሯል፤ ጅብ የሚያጎርስ ሰው ግን የለበትም፤ ቢያይ ወይም ቢሰማ ኖሮ እንደ በርተን ያለ እንግዳ ነገር ወዳድ አያልፈውም ነበር። ዝምታ ብቻውን ማስረጃ አይሆንም የሚል ቢመጣ ልክ ነው። ነገር ግን ከዝምታው የበረታ ሌላ ምክንያት አለ፤ እሱም በሮቹ ናቸው። ትርኢቱ የሚደረገው ከግንብ ውጭ፣ በሌሊት ነው። በሮቹ ፀሐይ ሲገባ በሚዘጉባት ከተማ ከግንብ ውጭ ሌሊት ተቀምጦ የሚያይ ተመልካች ከየት ይመጣል? ትርኢቱ እንዲኖር በሮቹ ሌሊት መከፈት ነበረባቸው፣ መኪና መምጣት ነበረበት፣ የሚከፍል እንግዳ ማደር ነበረበት። ሦስቱም የዘመናዊው ሐረር ነገሮች ናቸው፤ ግብጾች በ1875 ከመጡ፣ ምኒልክም በ1887 ከጨለንቆ ጦርነት በኋላ ከተማዋን ከያዙ በኋላ ቀስ በቀስ የተገኙ።

እዚህ ላይ የሚነሣ ተቃውሞ አለ፤ ተቃውሞውም ቀላል አይደለም። ገንፎውና ሥጋው አንድ ልማድ አይደሉምን? የድሮው የቅዱሳን ስምምነት ቀን በቀን ወደ መሬት ወርዶ፣ ከአዋች ወደ ሜዳ ወጥቶ ነው እንጂ፣ አዲስ የተፈጠረ ነገር የለም የሚል። ግማሹን እቀበለዋለሁ። ጅብን በድንጋይና በጦር በሚያባርር አገር አንድ ሰው መሬት ላይ ተቀምጦ ጅብ ሊያጎርስ አይችልም፤ ጅቡ ራሱ አይቀርበውም። ሐረር ውስጥ ጅብ ለትውልዶች ሳይሳደድ ስለኖረ መጋቢው የሚሠራበት ትዕግሥት ተጠራቅሞለታል። የዓሹራው ገንፎ ለትርኢቱ አፈር ነው፤ ዘሩ ግን ሌላ ነው። አንደኛው የከተማ መሐላ ነው፣ ሌላው የግለሰብ ጥበብ። በአንደኛው ውስጥ ሰው ጅቡን ይጠይቀዋል፤ ምን ይደርስብናል? ይለዋል። በሌላው ውስጥ ሰው ጅቡን ለሌላ ሰው ያሳየዋል። ማሳየት የሚባለው ነገር ከገንፎው ውስጥ ጨርሶ የለም፤ መሬት ላይ የተፈጠረውም አዲስ ነገር እሱ ነው።

የዚህ ጥበብ ታላቅ ስም ዩሱፍ ሙሜ ሳልህ ነው። አቶ ዩሱፍ ለአሥርት ዓመታት ከግንቡ ውጭ በየምሽቱ ጅብ ሲያጎርሱ ኖረዋል፤ ከብት እንዳይነኩ ጅቦቹን ለማዘናጋት እንደጀመሩት ይነገራል። ኋላ ሥራውን ልጃቸው አባስ ዩሱፍ ተረከቡ። የዓለም ዜና ወኪሎች «የጅብ ሰው» እያሉ የሁለቱን ምስል በተደጋጋሚ አሳይተዋል። የኧርዊን ቤት ታሪክ በሌላ ቀለም እንደ መድገም ነው፤ እንደ አውስትራሊያው ሁሉ እዚህም አባት ያላመደውን እንስሳ ልጅ ይወርሰዋል። ሆኖም ምን እንደሚወረስ ብዙ ጊዜ በትክክል አይነገርም። የሚወረሰው ድፍረት አይደለም። የባለ ነጠብጣብ ጅብ መንጋ የሚመራው በሴቶች ነው፤ ሴቷ ከወንዱ ትገዝፋለች፣ ግልገልም የእናቱን ማዕረግ ይዞ ያድጋል። መጋቢ ይህን ካላወቀ ሥጋውን ለማይገባው ሲሰጥ ጠብ ያነሣል፤ ጠቡም መሃል ላይ ተቀምጦ የሚገኘው እሱ ነው። የትኛዋ ቀድማ ትብላ፣ የትኛው ከኋላ ይጠብቅ፣ ማን ዛሬ ተቆጥቷል፣ ማን አዲስ ነው፤ በየምሽቱ የሚነበብ ነገር ነው። ለጅቦቹ ስም የሚሰጡትም ለእንግዳ መደነቂያ ብቻ አይደለም፤ ስም ያለው እንስሳ ትላንት ያደረገው ይታወሳል። የአውስትራሊያው አንትሮፖሎጂስት ማርከስ ቤይንስ-ሮክ ለዶክትሬት ጥናቱ ሐረር ተቀምጦ ጅቦቹን በሌሊት በእግሩ እየተከተለ ያጠናው፣ በ2015 ባሳተመው መጽሐፍም የጻፈው ይህን የሰውና የጅብ ጉርብትና ነው። ያ ሁሉ የምርምር ሥራ የተቻለው ጅቦቹ ቀድመው ሰው ስለለመዱ ነው።

«ግን እኮ አያብራራም» የሚል ሌላ ተቃውሞ አለ። አቅራቢ ማለት ሕፃናትና አዋቂዎች ስለ እንስሳው እንዲማሩ የሚናገር ነው፤ የሐረሩ ሰው ሥጋ ይወረውራል እንጂ ስለ ጅብ አያስተምርም። ይህ ማስተማር የሚባለውን ነገር በቃል ብቻ የሚያውቅ ሰው ክርክር ነው። ኧርዊንን ስናስታውስ የምናስታውሰው ንግግሩን ነው ወይስ አዞው ላይ ሲወድቅ? በሌላ በኩል፣ ለሺሕ ዓመት ስለ ጅብ የተነገረንን እናስብ። «ጅብ እስኪነክስ ያነክስ» ብለን ተንኮለኛ አደረግነው፤ በየተረቱ አያ ጅቦን ሆዳም ሞኝ አደረግነው፤ በደጋው አገር ቡዳ በሌሊት ጅብ ይሆናል ብለን ቀጥቃጩንና ሸማኔውን ለመከራ ዳረግንበት። ሆሊዉድም በ1994 «ዘ ላየን ኪንግ» በተባለው የካርቱን ፊልም ለአንበሳው ክፉ አጎት አሽከር አደረገው። እንዲህ ካለው ስም ጋር የመጣ እንግዳ በሐረር ሜዳ ላይ ጅብ በጀርባው ላይ እግሩን ጭኖ ሥጋ ሲወስድ፣ ከጆሮው አጠገብ ትንፋሹን ሲሰማ፣ ጅቡም ከእሱ ላይ ወርዶ ተራውን ሲጠብቅ ያገኘው ትምህርት ከአንድ ሰዓት ፊልም የሚበልጥ ይመስለኛል። ያስተማረውም ቃል ያልተናገረው ሰው ነው።

ከሁሉ የከበደው ተቃውሞ ግን ከእንስሳው ወገን የሚመጣ ነው። የዱር አውሬን በእጅ ማብላት ሰው እንዲለምድ ያደርገዋል፤ የለመደ አውሬ ደግሞ ይደፍራል፤ ደፍሮም ይገደላል። ለዱር እንስሳት በሚቆረቆሩ ዘንድ «አታብሉ» የሚለው ደንብ የታወቀ ነው፤ ኧርዊንም በ2004 ጨቅላ ልጁን በአንድ እጁ ይዞ አዞ ሲያበላ መላው ዓለም ጮኾበታል። ጅብ በኢትዮጵያ ሰው የሚጎዳ እንስሳ መሆኑንም መካድ አይገባም፤ የሐረር ሰው አይክደውም፣ አውሬ መሆኑን ያውቃል። ክርክሩን በሐረር ላይ ስንጥለው ግን መነሻው ይዛባል። ደንቡ የወጣው እንስሳው ከሰው ርቆ ይኖራል ተብሎ ነው። የኢትዮጵያ ጅብ ግን ከሰው ርቆ አይኖርም። በሰሜን ኢትዮጵያ በ2012 የታተመ ጥናት ከ7 ቦታዎች 553 የጅብ ኩስ ሰብስቦ ውስጡ ያለውን ፀጉር መርምሮ ነበር። ከዐቢይ ጾም በፊት የአህያ ፀጉር 14.8 በመቶ ሲገኝ፣ በጾሙ ወቅት 33.1 በመቶ ደርሷል፤ ከፋሲካ በኋላ 22.2 በመቶ ሆኗል። ሰዉ ሥጋ ሲተው፣ ለቆሻሻ የሚወጣ አጥንት ሲጠፋ፣ ጅቡ ወደ አህያ ዞረ። ሰውን የሚከተል እንስሳ ማለት ይኼ ነው፤ የሰውን የጾም አቆጣጠር ሳይቀር ያውቀዋል። በመቀሌ ላይ የተሠራ በ2021 የታተመ ጥናት ደግሞ የከተማዋ ጅቦች በዓመት 207 ቶን የእንስሳት ተረፈ ምርት እንደሚጠርጉ፣ በዚህም በዓመት 5 ሰዎችንና 140 የቤት እንስሳትን ከአባ ሠንጋና ከከብት ሳንባ ነቀርሳ እንደሚያድኑ ገምቷል። ከዚህ ሁሉ አንጻር የሐረሩ መጋቢ በአንድ ምሽት የሚያከፋፍላት አንድ ዘንቢል ቁራጭ ሥጋ የጅቦቹን ሕይወት የምትመራ ነገር አይደለችም። ጅቡን ከሰው ጋር ያላመደው ከተማው ራሱ ነው፤ መጋቢው የመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

ልዩነቱን ማየት ለሚፈልግ ናይጄሪያን ማየት ይበቃል። ደቡብ አፍሪካዊው ፎቶ አንሺ ፒተር ሁጎ በ2005 ፎቶ ካነሣቸው በኋላ ዓለም ያወቃቸው የናይጄሪያ የጅብ ሰዎች ጅቦቻቸውን አፋቸውን አስረው፣ በአንገታቸው ከባድ ሰንሰለት አድርገው ከከተማ ከተማ ይዘው ይዞራሉ፤ ትርኢት ያሳያሉ፣ መድኃኒትም ይሸጣሉ። ሁለቱም ለገንዘብ ነው፤ ሁለቱም የሰውን ፍርሃት ይሸጣሉ። ነገር ግን በናይጄሪያው ትርኢት ጅቡ እንቢ ማለት አይችልም። በሐረር ይችላል። አንዳንድ ሌሊት ጅቦቹ ዘግይተው ይመጣሉ፤ አንዳንድ ሌሊት ጥቂቶች ብቻ ይመጣሉ፤ የመጣችው ከበላች በኋላ ሄዳ ብትቀር የሚከለክላት የለም። በቲኬት ሒሳብ ይህ ጉድለት ነው። በሙያው ሒሳብ ግን ትርኢቱ ትርጉም የሚኖረው በዚህ ነው፤ የመጋቢው ጥበብ እንስሳው ተመልሶ እንዲመጣ ማድረግ ነውና።

እንግዲህ «የመቶዎች ዓመታት ጥንታዊ ባህል» የሚለው አባባል ምን ይጎዳል? ለቱሪስት ደስ ይላል፣ ለከተማዋም ክብር ነው ይሆናል መልሱ። ዩኔስኮ በ2006 ጀጎልን በዓለም ቅርስነት ሲመዘግብ፣ በ2023 ደግሞ የሸዋል ዒድን በዓል በማይዳሰስ ቅርስነት ሲመዘግብ ሐረር ጥንታዊነቷ ሀብቷ እንደሆነ ዓለም አረጋግጧል። ነገር ግን በጥንታዊ ባህል ውስጥ ፈጣሪ የለም። ገንፎውን ማን እንደፈጠረው ማንም አይጠይቅም፣ መጠየቅም አያስፈልግም፤ የከተማው ሁሉ ነው። በእንጨት ጫፍ ላይ ሥጋ ጠቅልሎ በጥርስ መያዝን፣ እንግዳን ጠርቶ ከጅብ ጋር ፊት ለፊት ማገናኘትን፣ ማዕረግን አውቆ መንጋ ማስተናገድን ግን አንድ ሰው ነው ያሰበው፣ ሌላው አሻሽሎታል፣ ልጅ ተምሮታል። ይህን ሁሉ «ባህል» ስንለው ሥራው የማንም ይሆናል፤ የማንም የሆነ ነገር ደግሞ ለሚቀርጸው ይተርፋል። የቢቢሲ ካሜራ ለአተንቦሮ ትረካ ስም ሰጠ፤ ሐረር ላይ ያለው ሰው የባህሉ ማሳያ ሆነ። ቢቢሲን ብቻ መውቀስም ቀላል ነው፤ እኛው ራሳችን ስለ ሐረር በምንጽፈው ውስጥ የጅቡን ነገር ከምግቡና ከልብሱ ጋር በአንድ አንቀጽ «የሐረር ልዩ ልዩ ባህሎች» ብለን እንደመድመዋለን፤ ስም የለው፣ ዘመን የለው፣ ሙያ የለው።

ይህን ስል ገንፎውን ከሥጋው አሳንሼ አይደለም፤ የሚገርመው ሁለቱ ጎን ለጎን መኖራቸው ነው። ከተማዋ በአንድ በኩል ቅዱሳኑ የገቡትን ውል በዓመት አንድ ጊዜ ታድሳለች፤ በሌላ በኩል በየምሽቱ ያንኑ ጅብ የሚያሳይ ሰው አፍርታለች። ጅቦቹ ግን ሁለቱን አይለዩም። ትርኢቱ ሲያልቅ ዘንቢሉ ባዶ ይሆናል፤ መጋቢው እንጨቷን ይጥላል፤ ባጃጁ መብራቱን አጥፍቶ ወደ ዋናው መንገድ ይዞራል፤ የታየው ክብ ሜዳ ከጨለማው ጋር አንድ ይሆናል። ጅቦቹ ትንሽ ቆመው ይሸታሉ፣ ከዚያ ከፊሉ ወደ ግንቡ ያመራል፤ በዝቅተኛዋ ቀዳዳ፣ በወራባ ኑዱል በኩል፣ አንድ በአንድ ራሳቸውን ዝቅ አድርገው ይገባሉ፤ ባለ ሥጋ ቤቱ ከደጁ ያስቀመጠው አጥንት እዚያ ይጠብቃቸዋል።